ምዕራፍ 7፦ የመጨረሻው ውሃ

ከዕቃ ማጠቢያ ማሽን በወጣ ብርጭቆ ላይ ደብዘዝ ያለ ነጭ ነጠብጣብ ሲታይ አብዛኛው ሰው ማሽኑ በደንብ አላጠበም ብሎ ይደመድማል። ሳሙና ይጨምራል፤ ወይም ብርጭቆውን መልሶ ያስገባል። ነጠብጣቡም መልሶ ይመጣል፤ ምክንያቱም ቆሻሻው ቀድሞ ሄዷል። ብርጭቆው ላይ የቀረው ያጠበው ውሃ ራሱ ነው፤ በትክክል ለመናገር፣ ውሃው ሲተን ይዞት መሄድ ያልቻለው ነገር ነው። በማሽኑ በር ውስጠኛ ገጽ፣ ከሳሙናው ሳጥን አጠገብ፣ ክዳን ያላት ትንሽ ማጠራቀሚያ አለች። እዚያ የሚጨመረው የማለቅለቂያ ፈሳሽ የተሠራው ለዚሁ ችግር ነው። ብዙ ተጠቃሚ እንደ ሁለተኛ ሳሙና፣ አንዳንዱም እንደ ሽቶ ያየዋል። ፈሳሹ ግን አንድ ሥራ ብቻ አለው፤ የመጨረሻው ውሃ ከዕቃው ላይ የሚለቅበትን መንገድ መለወጥ። በዚህ ምዕራፍ የምከራከረው ይህ ሥራ ከማጠብ የተለየ ራሱን የቻለ ሥራ መሆኑን፣ ስለዚህም ፈሳሹ ያስፈልጋል ወይስ አያስፈልግም የሚለው ጥያቄ በዕቃው ንጽሕና ሳይሆን በውሃው ዓይነትና በአደራረቁ የሚመለስ መሆኑን ነው።

በምዕራፍ 3 ሳሙና ቅቤን ከሳህን ላይ እንዴት እንደሚያላቅቅ፣ በምዕራፍ 5 ደግሞ የምንጭ ውሃ በአለት መካከል ሲያልፍ ምን ምን እያሟሟ እንደሚመጣ አይተናል። እዚህ ሁለቱ ይገናኛሉ። አምበርን በመሰለች፣ በደብረ ማርቆስና በደጀን መካከል በምትገኝ የደጋ ከተማ የዕቃ ማጠቢያ ማሽን ያለው ቤት ብርቅ ነው፤ ስለዚህ አንባቢ «ይህ የአዲስ አበባ አፓርታማና የውጭ አገር ጣጣ ነው» ቢል አይፈረድበትም። ነገር ግን የታጠበ ዕቃ እንዴት ይድረቅ የሚለው ጥያቄ ማሽኑ ይዞት የመጣ አይደለም። የጠላ ጋን በግራዋ ቅጠል ታሽቶ፣ በውሃ ተለቅልቆ፣ በወይራ ጭስ ሲታጠን ሦስቱ ሦስት የተለያዩ ሥራዎች መሆናቸውን የጎጃም ጠላ ጠማቂ ሁሉ ያውቃል፤ አንዱ የሌላውን አይተካም። በማሽኑም ውስጥ ነገሩ እንዲሁ በደረጃ የተከፈለ ነው፤ ልዩነቱ ሁሉም በተዘጋ በር ውስጥ መሆኑ ነው።

ጠብታ ለምን ይሰበሰባል?

ዝናብ ካባራ በኋላ በጓሮ ጎመን ቅጠል ላይ የቀረ ውሃ ተዘርግቶ ቅጠሉን አያለብስም። ክብ ክብ እየሠራ ይቀመጣል፤ ቅጠሉ ሲነቀነቅ ይንከባለላል። ውሃ የተሠራባቸው እጅግ ጥቃቅን ቅንጣቶች፣ ሞለኪውል የሚባሉት፣ እርስ በርስ ይሳሳባሉ። በጥምቀት ዕለት እጅ ለእጅ ተያይዞ የቆመን ሕዝብ ብናስብ፣ መሃል ያለው ሰው ከየአቅጣጫው ስለሚሳብ ባለበት ይቆያል፤ ዳር ያለውን ግን በውጭ በኩል የሚይዘው የለምና ሁሉም ወደ ውስጥ ይስበዋል። በጠብታው ገጽ ላይ ያሉት ቅንጣቶች ዕጣም ይኸው ነው። ሁሉም ወደ ውስጥ ሲሳቡ ገጹ ይወጠራል፤ ጠብታው ገጹን በተቻለ መጠን ለማሳነስ ይሰበሰባል፤ በትንሽ ገጽ ብዙ የሚይዘው ቅርጽ ደግሞ ድቡልቡል ነው። የፊዚክስ ሰዎች ይህን የገጽ ውጥረት ይሉታል።

ውጥረቱ በቁጥር ይለካል። ንጹሕ ውሃ በ25 ዲግሪ ሴልሺየስ ሙቀት ውጥረቱ በሜትር 72 ሚሊ ኒውተን ያህል ነው። የመለኪያው ስም ባይገባ ግድ የለም፤ ቁም ነገሩ ቁጥሮቹን ማወዳደሩ ላይ ነው። ውሃውን እስከ 60 ዲግሪ ብናሞቀው ውጥረቱ ወደ 66 ይወርዳል። ማሞቅ ያግዛል ማለት ነው፤ ግን ትንሽ። ጥቂት የማለቅለቂያ ፈሳሽ ጠብ ቢደረግበት ግን ወደ 30 አካባቢ ይወርዳል፤ ከግማሽ በታች። «ውሃው በጣም ከሞቀ ዕቃው በራሱ ይደርቃል» ለሚል ሰው የመጀመሪያው መልስ በእነዚህ ሦስት ቁጥሮች ውስጥ አለ። በነገራችን ላይ፣ በደብረ ማርቆስ ከፍታ ውሃ የሚፈላው ወደ 92 ዲግሪ ላይ ቢሆንም ይህ ለማሽኑ ለውጥ አያመጣም፤ ውሃውን እስከሚፈላ የሚያደርስ የቤት ማሽን የለም።

የዚህ ሳይንስ ታሪክ ከዕቃ ማጠቢያ ውሃ ጋር የተሳሰረ ነው። በጀርመን አገር በብራውንሽቫይግ ከተማ የምትኖረው አግነስ ፖክልስ፣ በዘመኑ ለሴቶች የዩኒቨርሲቲ በር ዝግ ስለነበር፣ የውሃ ገጽ በቅባትና በሳሙና ሲነካ የሚሆነውን ያጠናችው ከቤት ሥራ ጎን ለጎን፣ ራሷ ባዘጋጀችው የቆርቆሮ ገንዳ ነው። እ.ኤ.አ. በ1891 ውጤቷን ለእንግሊዛዊው የፊዚክስ ሊቅ ለሎርድ ሬይሊ በደብዳቤ ጻፈች፤ እሱም ተደንቆ ኔቸር በተባለው የሳይንስ መጽሔት እንዲታተም አደረገ። በኋላ ኧርቪንግ ላንግሙር የፖክልስን ዓይነት ገንዳ አሻሽሎ ጥናቱን ገፋበት፤ እ.ኤ.አ. በ1932 በገጽ ኬሚስትሪ የኖቤል ሽልማት ተሰጠው። የፖክልስ ስም ግን ለረጅም ጊዜ ከባለሙያዎች ክበብ አልወጣም።

ውሃው የሚሰበሰብበት ልክ በሚያርፍበት ነገርም ይወሰናል። ፍጹም ንጹሕ ብርጭቆ ውሃን ይወዳል፤ ውሃው ያለ ምንም እርዳታ ይዘረጋበታል። የጎመን ቅጠል ሰም አለበት፤ ውሃን አይወድም። ፕላስቲክም ከቅጠሉ ወገን ነው። እዚህ ላይ አንድ ተገቢ ተቃውሞ ይነሳል፦ ንጹሕ ብርጭቆ ውሃውን ራሱ የሚዘረጋ ከሆነ፣ ማሽኑ በደንብ እስካጠበ ድረስ ፈሳሹ ለምን ያስፈልጋል? ተቃውሞው ግማሽ እውነት አለው። ነገር ግን ፍጹም ንጹሕ ብርጭቆ የሚገኘው በቤተ ሙከራ ነው። በማሽን ውስጥ ብርጭቆው ከወጥ ድስትና ከቅቤ ሳህን ጋር በአንድ ውሃ ስለሚታጠብ፣ በዓይን የማይታይ የቅባት ፈለግ ይቀርበታል። ለአመጋገብ ምንም የማይጎዳ ፈለግ ነው፤ ውሃውን ጠብታ ጠብታ አድርጎ ለመሰብሰብ ግን ይበቃል።

ጠብታው ሲደርቅ

ጠረጴዛ ላይ ተንጠባጥቦ የደረቀ ቡና መሃሉ ገርጥቶ ዳሩ በጥቁር ቀለበት ተከቦ ይገኛል። በየቤቱ የሚታይ ነገር ቢሆንም ምክንያቱ በወጉ የተብራራው እ.ኤ.አ. በ1997 ነው፤ በቺካጎ ዩኒቨርሲቲ የነበሩ ተመራማሪዎች በዚያው በኔቸር መጽሔት ላይ ጻፉት። የጠብታው ጠርዝ ካረፈበት ነገር ጋር ተጣብቆ አይንቀሳቀስም። ጠርዙ ስስ ስለሆነ ውሃው ከዚያ ቶሎ ይተናል፤ የተነነውን ለመተካት ከመሃል ወደ ዳር ውሃ ይፈስሳል፤ የሚፈስሰውም ውሃ ደቃቁን ቡና እየጎተተ ዳር ላይ ይከምረዋል። በብርጭቆ ላይ የሚታየው ነጭ ክብም የቡናው ቀለበት የቅርብ ዘመድ ነው፤ በቡናው ፈንታ ዳር ላይ የሚከማቸው በውሃው ውስጥ ሟሙቶ የነበረ ማዕድን ነው።

መጠኑ ምን ያህል ቢሆን ነው በዓይን የሚታየው? በአንድ ሊትር ውሃ ውስጥ 200 ሚሊ ግራም የሟሟ ማዕድን አለ እንበል፤ ይህ ለመጠጥ ተስማሚ የሆነ፣ ጣዕሙም የማይከብድ ውሃ ነው። ከአንድ ሚሊ ሊትር ውሃ ወደ 20 ጠብታ ይወጣል። ስለዚህ አንድ ጠብታ ደርቆ የሚተወው 0.01 ሚሊ ግራም ነው። ይህ ኢምንት በብርጭቆው ገጽ ላይ እኩል ቢበተን ማንም አያየውም። ጠብታው ግን አይበትነውም፤ ሰብስቦ በአንድ ቀጭን ቀለበት ያስቀምጠዋል። ለዓይን የሚጎላው ማዕድኑ አንድ ቦታ መከማቸቱ ነው። የዚህ ምዕራፍ ሐሳብ ሁሉ በዚህ ላይ የቆመ ስለሆነ ረጋ ብሎ ማየት ይገባል። ነጠብጣብን ለማጥፋት ሁለት መንገድ አለ፤ አንዱ ከውሃው ውስጥ ማዕድኑን ማውጣት፣ ሁለተኛው ውሃው ጠብታ ሆኖ እንዳይደርቅ ማድረግ። የመጀመሪያው ውድና አስቸጋሪ ነው፤ የተጣራ የባትሪ ውሃ ለዕቃ ማጠቢያ የሚገዛ ሰው የለም። የማለቅለቂያው ፈሳሽ ሁለተኛውን መንገድ ይሄዳል። ውሃው ስስ ሽፋን ሆኖ ሲዘረጋ አብዛኛው ከመድረቁ በፊት ወደ ታች ፈስሶ ይሄዳል፤ ማዕድኑንም ይዞት ይሄዳል። የቀረው ጥቂት ደግሞ በሰፊ ገጽ ላይ ስለሆነ ቶሎ ይተናል፤ የሚተወውም ተበትኖ ስለሚቀር አይታይም።

ጥቁሩ አለትና ነጩ አለት

ታዲያ ይህ ችግር በየትኛው ውሃ ይብሳል? ከደጀን ወደ ጎሐ ጽዮን የሚወርደው መንገድ የዓባይን ሸለቆ ሲያቋርጥ የምድሩን ድርብርብ ገላልጦ ያሳያል። ከላይ የጎጃም ደጋ የተቀመጠበት ጥቁር የእሳተ ገሞራ አለት፣ ባዛልት፣ አለ። ወደ ታች ሲወረድ ነጣ ያለው የኖራ ድንጋይ ይመጣል፤ ከእሱም ዝቅ ብሎ ጄሶ የሚሠራበት ጂፕሰም አለ። ባዛልት በውሃ በቀላሉ አይሟሟም። የኖራ ድንጋይና ጂፕሰም ግን ይሟሟሉ፤ ውሃው ካልሲየም ይጠግባል። እንደ ምዕራፍ 5 አገላለጽ፣ ሳሙና አረፋ የማያወጣበት፣ ማንቆርቆሪያ ውስጥ ነጭ ቅርፊት የሚተው ውሃ ይሆናል። ስለዚህ ከደጋው ባዛልት የፈለቀ ምንጭና ከሸለቆው ወገብ የሚወጣ ምንጭ፣ ምንም እንኳ በአንድ ዞን ውስጥ ቢሆኑ፣ በብርጭቆ ላይ የሚተዉት እኩል አይሆንም።

በአገር ደረጃም ልዩነቱ ሰፊ ነው። የድሬዳዋ የከርሰ ምድር ውሃ የኖራ ብዛቱ የታወቀ ነው፤ መቀሌና አካባቢዋም የኖራ ድንጋይ አገር ናቸው። በብዙ አገር የተለመደው አከፋፈል፣ በካልሲየም ካርቦኔት ሲሰላ በሊትር እስከ 60 ሚሊ ግራም ያለውን ለስላሳ ውሃ፣ ከ180 በላይ የሆነውን በጣም ጠንካራ ውሃ ይለዋል። በአንደኛው ጫፍ ያለ ቤት ያለ ማለቅለቂያ ፈሳሽ ለዓመታት ሊኖር ይችላል፤ በሌላኛው ጫፍ ያለ ቤት በሳምንት ውስጥ ብርጭቆው ይደበዝዝበታል። የማሽኑ መመሪያ ለሁሉም «ጨምሩ» ብሎ የሚያልፈው የጠርሙሱ ነጋዴ ለሁሉም መሸጥ ስለሚፈልግ ብቻ አይመስለኝም፤ መመሪያው የተጻፈለትን ሰው የቧንቧ ውሃ አያውቀውም።

የአውሮፓ ማሽኖች ሌላ መከላከያ አላቸው፤ በውስጣቸው ያለ ማጣሪያ ካልሲየሙን ወስዶ በምትኩ ሶዲየም ይሰጣል፤ ማጣሪያው ሲደክም ደቃቅ ባልሆነ ጨው ይታደሳል። ጨው የሚጨምር ሰው «እንግዲህ ፈሳሹ ትርፍ ነው» ሊል ይችላል። አይደለም፤ ምክንያቱም ማጣሪያው የሟሟውን ነገር ዓይነት ይለውጠዋል እንጂ አያስቀረውም። የሶዲየም ነጠብጣብ እንደ ኖራ የማይለቅ ቅርፊት አይሆንም፤ በጨርቅ ሲነካ ይጠፋል፤ ግን ነጠብጣብ መሆኑ አልቀረም። ጨው ከውሃው ጋር፣ ፈሳሹ ከጠብታው ጋር ይሠራሉ።

እጅ የሚሠራው፣ ማሽን የማይሠራው

በእጅ ስናጥብ እጃችን ሁለት ሥራ ይሠራል። ይፈትጋል፤ በኋላ ደግሞ በጨርቅ ይወለውላል፣ ወይም ዕቃውን አራግፎ ይደፋዋል። ጆሴፊን ኮክራን የተባለች የኢሊኖይ ሴት እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 28 ቀን 1886 የባለቤትነት መብት ያስመዘገበችለትና በ1893 በቺካጎው የዓለም ትርዒት ላይ የቀረበው ማሽን የመጀመሪያውን ሥራ በውሃ ግፊት ተካው። የዛሬዎቹም በዚያው መንገድ ይሠራሉ፤ የሚሽከረከሩ ክንዶች ውሃ ይረጫሉ፣ ሳሙናው ስቡን ያላቅቃል። ሁለተኛውን ሥራ ግን ግፊት አይተካውም። በማሽኑ ውስጥ ጨርቅ የሚይዝ እጅ የለም፤ ብርጭቆውን አንስቶ የሚያራግፍም የለም። ስለዚህ ውሃው በራሱ እንዲሄድ መደረግ አለበት።

ሂደቱ እንዲህ ነው። የሳሙናው ውሃ ተጠርጎ ከወጣ በኋላ አዲስ ውሃ ይገባል፤ በመጨረሻው ዙር ከ60 እስከ 70 ዲግሪ ድረስ ይሞቃል። በዚህ ጊዜ የበሩ ማጠራቀሚያ ጥቂት ሚሊ ሊትር፣ ከአንድ የሻይ ማንኪያ የማይበልጥ፣ ይለቅቃል። ፈሳሹ በዋናነት ሰርፋክታንት የሚባሉ ውህዶች፣ የሎሚ አሲድ፣ ሁለቱ እንዳይለያዩ የሚያደርግ ማሟሚያና ቀለም ነው። ሰርፋክታንት አንድ ጫፉ ውሃን የሚወድ፣ ሌላው ጫፉ ውሃን የሚሸሽ ረጅም ሞለኪውል ነው፤ በምዕራፍ 3 የሳሙናን ባሕርይ ያየን ሰዎች ወዲያው እናውቀዋለን። ውሃ ውስጥ ሲገባ ወደ ገጹ ይወጣል፤ ውሃ የሚሸሸውን ጫፉን ወደ ውጭ አድርጎ ገጹን ይሞላዋል። በውሃው ቅንጣቶች መካከል ገብቶ ስለቆመ መሳሳባቸው ይላላል፤ ጠብታው ይዘረጋል። የሎሚ አሲዱ ደግሞ ከሳሙናው የተረፈውን ያረክሳል፤ ኖራውም እንዳይጣበቅ ያግዛል። ማሽኑ ውሃውን ካስወጣ በኋላ የሞቁት ሳህኖች ራሳቸው በያዙት ሙቀት ቀሪውን ስስ ሽፋን ያተናሉ።

ይህን ካየን በኋላ ብዙ የሚሰማው ተቃውሞ ይመጣል። ሰርፋክታንት ከሳሙና ጋር አንድ ከሆነ፣ ለምን ሌላ ጠርሙስ እንገዛለን? የሳሙናው ጥቂት ቅሪት በመጨረሻው ውሃ ቢተው አይበቃም ወይ? አይበቃም፤ ምክንያቱ ደግሞ አረፋ ነው። የእጅ ሳሙና አረፋ እንዲያወጣ ተደርጎ የተሠራ ነው፤ አረፋ በማሽን ውስጥ የውሃውን ግፊት ይገድለዋል፣ ዕቃው ላይ ሲደርቅም ራሱ ምልክት ይተዋል። ለማለቅለቂያ የሚመረጡት ሰርፋክታንቶች አረፋ የማይወዱ ናቸው። ብዙዎቹ ሌላም ጠባይ አላቸው፤ ውሃው ሲሞቅ መሟሟታቸው ይቀንስና ውሃው ይደፈርሳል፤ በዚህ ጊዜ አረፋ ማውጣት ይቅርና ያለውን ያፈርሳሉ። ስለዚህ በሙቅ ውሃ የሚሠራው ማሽን ይስማማቸዋል። የእጅ ሳሙናን በዚያች ማጠራቀሚያ የሚሞላ ሰው ማሽኑ በበሩ ሥር አረፋ ሲተፋ ያገኘዋል።

የእንዶድ ትምህርት

የገጽ ውጥረትን መስበር ለኢትዮጵያ ቤት አዲስ ነገር አይደለም። በደጋው ሁሉ የሚበቅለው እንዶድ ፍሬው ደርቆ፣ ተወቅጦ፣ በውሃ ሲታሽ አረፋ ያወጣል፤ ነጠላና ጋቢ ለዘመናት የታጠቡት በእሱ ነው። ሥራውን የሚሠራው በፍሬው ውስጥ ያለው ሳፖኒን ነው፤ ሳፖኒን ደግሞ ተፈጥሮ የሠራችው ሰርፋክታንት ነው፣ አንዱ ጫፉ ለውሃ፣ ሌላው ለቅባት። ወፍራም ጥጥ ውስጥ ውሃ የሚሰርገው ገጹ ሲላላለት ስለሆነ፣ እንዶዱ ቆሻሻውን ከማስለቀቁም በፊት ውሃውን ወደ ክሩ ያስገባዋል።

እንዶድን በሳይንስ ዓለም ያስጠራው ግን ሌላ ጠባዩ ነው። እ.ኤ.አ. በ1964 ዶክተር አክሊሉ ለማ በዓድዋ የቢልሃርዚያን በሽታ የሚያዛምቱ ቀንድ አውጣዎችን ሲያጠኑ፣ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ቦታ ወደ ታች ባለው የወንዙ ክፍል ብዙ የሞቱ ቀንድ አውጣዎች አገኙ። ከዚያ በኋላ የመጣው ረጅም ምርምር፣ ከዶክተር ለገሰ ወልደዮሐንስ ጋር የተጋሩት እ.ኤ.አ. የ1989 የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት፣ ዛሬ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ በስማቸው የሚጠራው የፓቶባዮሎጂ ኢንስቲትዩት፣ ሁሉም ከዚያ ምልከታ ጋር የተያያዙ ናቸው። ለእኛ ጉዳይ የሚጠቅመው የቀንድ አውጣዎቹ ሞት ምክንያት ነው። የማንኛውም ሕይወት ያለው ሕዋስ ሽፋን የተሠራው ከቅባት መሰል ነገር ነው። በውሃና በቅባት ድንበር ላይ ገብቶ መቆም የሚችል ሞለኪውል፣ በሳህን ላይ ያለውን ቅቤ እንደሚያላቅቅ ሁሉ፣ መጠኑ ከበዛ የሕዋሱንም ሽፋን ያላላል። የልብሱ ማንጣትና የቀንድ አውጣው ሞት ከአንድ ባሕርይ የመጡ ናቸው።

ታዲያ በብርጭቆው ላይ የቀረውስ?

እንዶዱን ያነሳሁት ስለ ጤና የሚነሳውን ተቃውሞ በቁም ነገር መውሰድ ስለሚገባ ነው። የማለቅለቂያ ፈሳሽ ከመጨረሻው ውሃ ጋር ስለሚገባ፣ ከእሱ በኋላ የሚያጥበው ሌላ ውሃ የለም። ዕቃው ላይ ኢምንት መቅረቱ የአሠራሩ አካል ነው። እ.ኤ.አ. በ2022 መጨረሻ በስዊዘርላንድ ዳቮስ የሚገኘው የአለርጂና የአስም ምርምር ተቋም ተመራማሪዎች የአንጀት ሕዋሳትን በቤተ ሙከራ አሳድገው የማለቅለቂያ ፈሳሽ አስነክተዋቸው፣ አልኮል ኢቶክሲሌት የተባሉት ሰርፋክታንቶች የሕዋሳቱን ግድግዳ እንደሚጎዱ አሳተሙ። ትኩረታቸው በምግብ ቤትና በካፌ ማሽኖች ላይ ነበር፤ እነዚህ ማሽኖች በደቂቃዎች ውስጥ አጥበው ስለሚጨርሱ፣ የሚቀረው መጠን ያሳስባል።

ይህን ጥናት ይዞ ማሽኑን መጣል አይገባም፤ «የቤተ ሙከራ ወሬ ነው» ብሎ ማለፍም አይገባም። በቤት ማሽን ውስጥ ያለውን መጠን በግምት ማስላት እንችላለን። 3 ሚሊ ሊትር ፈሳሽ በ3 ሊትር ውሃ ሲበጠበጥ አንድ ሺህኛ ነው። በብርጭቆው ላይ አንድ አሥረኛ ሚሊ ሊትር ውሃ ቀርቶ ደረቀ ብንል፣ ብርጭቆው በኋላ 200 ሚሊ ሊትር መጠጥ ሲሞላበት፣ በመጠጡ ውስጥ የሚኖረው ፈሳሽ ከሁለት ሚሊዮን አንድ እጅ ይሆናል። ይህ ሻካራ ስሌት ነው፤ ሰርፋክታንት ከውሃው ይልቅ ብርጭቆውን መያዝ ስለሚወድ እውነተኛው ከዚህ ሊበልጥ ይችላል። ቢሆንም ሁለት ነገር ያሳያል። አንደኛ፣ ማሽኑ ለቤት ሲሠራ መጠኑ ከእንዶድ ገንዳ እጅግ የራቀ ነው። ሁለተኛ፣ መጠኑን የሚወስነው በማጠራቀሚያዋ ላይ ያለው የመጠን ማስተካከያ ነው፤ እሱም በተጠቃሚው እጅ ነው። በለስላሳ ውሃ የሚኖር ሰው ማስተካከያውን እስከ ዝቅተኛው ድረስ ቢያወርደው ወይም ፈሳሹን ጭራሽ ቢተው የሚያጣው ነገር ጥቂት ነው። በብርጭቆው ላይ ሰማያዊ ጥላ ወይም የሚያንሸራትት ስሜት ካለ መጠኑ በዝቷል ማለት ነው፤ ክብ ነጠብጣብ ካለ አንሷል።

አቼቶ በቦታው ማድረግ እንደ ብልሃት ሲነገር ይሰማል። አቼቶ አሲድ ስለሆነ ኖራን ያሟሟል፤ ይህ እውነት ነው። የገጽ ውጥረትን ግን በዚያ መጠን ተበጥብጦ እምብዛም አይቀንሰውም፤ ጠብታው ጠብታ ሆኖ ይቀራል። የማሽኑን የጎማ ክፍሎች ደጋግሞ ሲነካም ሊያደርቃቸው ይችላል። የአቼቶ ትልቁ ጥቅም ለምርመራ ነው። ብርጭቆ ሲደበዝዝ አንድ ቦታውን በአቼቶ በረጠበ ጨርቅ ማሸት ነው። ከጠራ ኖራ ነው፤ ውሃውን ማለስለስ ወይም ፈሳሹን መጨመር ይረዳል። ካልጠራ ብርጭቆው ራሱ ተበልቷል፤ በጣም ለስላሳ ውሃ፣ ብዙ ሳሙናና ከፍተኛ ሙቀት ሲገናኙ የብርጭቆውን ገጽ ቀስ በቀስ ይቦረቡሩታል፤ ያንን የሚመልስ ፈሳሽ የለም።

ጨርቅስ? በአምበር ቤቶች የተለመደው መወልወል የማለቅለቂያ ፈሳሽን ሥራ ሙሉ በሙሉ ይሠራል። ጨርቁ ጠብታውን ከመድረቁ በፊት ከነማዕድኑ ያነሳዋል። እርጥብ ሆኖ የሚውል ጨርቅ ተህዋስያንን ከዕቃ ወደ ዕቃ ማዞሩ ብቻ ነው ጉድለቱ፤ ቶሎ ቶሎ ከታጠበና ከተሰጣ ያም ይቃለላል። ስለዚህ በእጅ ለሚያጥብ ሰው ይህን ጠርሙስ መግዛት ትርጉም የለውም፤ ማሽን ላለው ደግሞ መልሱ በየትኛው ውሃ እንደሚያጥብ ይወሰናል።

አንድ ነገር ግን የትኛውም መጠን አይፈታውም፤ የፕላስቲክ ዕቃን። ሴራሚክና ብርጭቆ ከበድ ያሉ ስለሆኑ በመጨረሻው ዙር የተቀበሉትን ሙቀት ይዘው ይቆያሉ፤ ውሃውን የሚያተኑት በዚያ ነው። ፕላስቲክ ቀላል ነው፤ የያዘው ሙቀት ወዲያው ያልቃል፤ ገጹም ውሃን አይወድም። ማሽኑ ሲከፈት ሳህኑ ደርቆ የፕላስቲክ ኩባያው ሥር ላይ ውሃ ተጠራቅሞ የሚገኘው ለዚህ ነው። ፈሳሹን መጨመር ውሃውን በትንሹ ያሳሳዋል እንጂ ሙቀት አይሰጠውም። ኩባያውን ሲደረደር ጎንበስ አድርጎ ማስቀመጥ፣ ሲወጣም አንዴ ማራገፍ ይበቃል።